ሲባጎው ያጠረበት ቀን

ስልኩ የተደወለው ሥራውን ባስረከብኩ በማግስቱ ነው።

«ልጄ፣ መንገዱ ይሰበራል» አሉኝ።

መጀመሪያ አልገባኝም። ኮምፒውተሩ ይዘጋል? ጌሙ ይቆማል? «አይ፣ እሱ ደህና ነው። ኩርባ ላይ ስደርስ ግን መንገዱ ይሰበራል። ጎን ያለው መኪና ደግሞ ተነፍቶ ይመጣል። ትናንት ማታ ግማሽ ሰዓት ነዳሁና ራሴን አመመኝ።»

ደንበኛው ጡረታ የወጡ የከባድ መኪና ሹፌር ናቸው። ዕድሜያቸውን ሙሉ ተሳቢ ሲነዱ ኖረው ወገባቸው አልችል ሲል መሪውን ለቀቁ። ቤት መዋል እንደከበዳቸው ያዩት ልጆቻቸው ተሰባስበው ኮምፒውተር፣ መሪና ፔዳል፣ ሦስት ባለ 24 ኢንች ሞኒተር ገዙላቸው። ጌሙ የከባድ መኪና መንጃው ዩሮ ትራክ ሲሙሌተር 2 ነው። ሦስቱን ሞኒተር አንድ ሰፊ የፊት መስታወት አስመስሎ መግጠም ለእኔ ተሰጠኝ።

የመጀመሪያው ቀን ሥራ እንዲህ ነበር። ሦስቱን ሞኒተሮች ጠረጴዛው ላይ ጎን ለጎን ደረደርኳቸው፤ ቀጥ ባለ አንድ መስመር፣ ልክ እንደ ግድግዳ። ሁለቱን ዲስፕሌይፖርት በሚባለው የምስል ገመድ አገናኘሁ። ሦስተኛ የዲስፕሌይፖርት ገመድ በእጄ ስላልነበረ አንዱን በሌላ ዓይነት የምስል ገመድ፣ በኤችዲኤምአይ አስገባሁት። ከዚያ የግራፊክስ ካርዱን አምራች፣ የኤንቪዲያን ሰራውንድ ከፈትኩ። ሰራውንድ ማለት ድራይቨሩ (ግራፊክስ ካርዱን የሚያዘው ሶፍትዌር) ሦስቱን ሞኒተር አዋህዶ ለዊንዶውስ «አንድ ስክሪን ነው» ብሎ የሚያቀርብበት መንገድ ነው። ሌላው የካርድ አምራች ኤኤምዲም ከ2009 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አይፊኒቲ የሚለው አለው፣ ሐሳቡ አንድ ነው። ሦስት ጊዜ 1920 በ1080 ፒክስል (ምስሉ የሚሠራባቸው ነጥቦች) የነበረው 5760 በ1080 ሆነ። ጌሙን ከፈትኩ፣ የእይታ ስፋቱን ማስተካከያ እስከ መጨረሻው ወደ ቀኝ ጎተትኩት፣ ምስሉ ሦስቱንም ሞላው። በጣም ያምራል። ፎቶ አንስቼ ሄድኩ።

አንድ ነገር ግን ያኔውኑ አይቼ አልፌው ነበር። ሰውዬው ሲነዱ የሚያዩት መሃለኛውን ብቻ ነው። አንገታቸው አይዞርም። እስኪለምዱት ይሆናል አልኩ።

ከስልኩ በኋላ ለዋና ቴክኒሻናችን ነገርኳት። ከእኔ ብዙ ዓመት ትቀድማለች፤ የመንጃ ሲሙሌተር ቤቶችን ስትገጥም ነው የኖረችው። «ሲነዱ የት ነበር የምትቆመው?» አለችኝ። ከኋላቸው ነበር የቆምኩት። «ወንበሩ ላይ አልተቀመጥክም?» አልተቀመጥኩም። ሌላ ምንም አላለችም። ከመሳቢያዋ አንድ ጥቅል ሲባጎና ሜትር አወጣች።

ስንደርስ ኮምፒውተሩን እንኳ አላስነሳችም። «አባባ፣ እንደሚነዱት አድርገው ይቀመጡልኝ» አለቻቸው። ተቀመጡ። ወንበሩን ወደ ፊት ሳብ አደረጉ፣ እጃቸውን መሪው ላይ ጣሉ፣ ትከሻቸው ወረደ። ሰው ሥራውን ሲይዝ የሚቀመጠው አቀማመጥ ነው። እኔ ትናንት ስገጥም ወንበሩ የት እንደሚሆን እንኳ አልጠየቅኳቸውም።

የሲባጎውን አንድ ጫፍ ከዓይናቸው ጎን ያዘችና ሌላውን ጫፍ ለእኔ ሰጠችኝ። መሃለኛው ሞኒተር መሃል ላይ ወስጄ አስነካሁት። 60 ሳንቲሜትር። እዚያው ላይ ቋጠሮ አሰረችበት። «አሁን ወደ ግራው ሞኒተር መሃል ውሰደው።»

ወሰድኩት። አልደረሰም። ቋጠሮው አየር ላይ ቀረ። ከስክሪኑ እስከ ቋጠሮው ያለውን ስንለካው 21 ሳንቲሜትር ሆነ። የግራው ሞኒተር የመጨረሻ ጫፍ ደግሞ ከዓይናቸው 1 ሜትር ይርቃል።

ያኔ ነው የገባኝ። እኝህ ሰው መሃለኛውን በ60 ሳንቲሜትር፣ የጎኑን ጫፍ በ1 ሜትር ርቀት እያዩ ነው የሚነዱት። ያውም ፊቱን ወደ እሳቸው ያላዞረ፣ ወደ ጎን የሸሸ ስክሪን። በዚያ ላይ እኔ የእይታ ስፋቱን ያለ ልክ ለጥጬዋለሁ። ጌሙ ያለ ሌላ ትእዛዝ ዓለሙን የሚስለው በአንድ ጠፍጣፋ መስታወት ላይ እንዳለ አድርጎ ነው። ከመሃል በራቀ ቁጥር ነገሩ ወደ ጎን ይለጠጣል። ስፋቱን ሲጨምሩት መለጠጡም ይጨምራል። ሰውዬው «ተነፍቶ ይመጣል» ያሉት መኪና ይኸው ነው። ቃሉ ትክክል ነበር።

ሁለቱን የጎን ሞኒተሮች እያዞርን ወደ እሳቸው አመጣናቸው። ጠርዝ ለጠርዝ እንደተጋጠሙ፣ እንደ በር መታጠፊያ። ሲባጎው ግራውንም ቀኙንም እኩል እስኪነካ ድረስ አዞርን። ማዕዘኑን ስትለካው ወደ 49 ዲግሪ ሆነ። ብዙ ሰው 30 ዲግሪ ያህል አዙሮ ይበቃል ይላል፤ ራቅ ብሎ ለሚቀመጥ ሰው ይበቃ ይሆናል። በ60 ሳንቲሜትር ግን አይበቃም። ቀመሩ ከባድ አይደለም፦ ርቀቱና የሞኒተሩ ስፋት ካሉ ማዕዘኑ ይወጣል። የሞኒተሩ ስክሪን 53.1 ሳንቲሜትር ስፋት አለው፣ ጠርዙ በየጎኑ 1 ሳንቲሜትር ነው። ወንበሩ ቢርቅ ማዕዘኑ ይቀንሳል፣ ቢቀርብ ይጨምራል። ስለዚህ መጀመሪያ የሚለካው ወንበሩ ነው።

ቀጥሎ ኮምፒውተሩ ተከፈተ። የመጀመሪያ ጥያቄዋ «ሪፍሬሽ ሬቱ ስንት ነው?» የሚል ነበር፤ ምስሉ በሰከንድ ስንት ጊዜ እንደሚታደስ ማለቷ ነው። አየሁት፤ 60 ኸርዝ። ደነገጥኩ። ሞኒተሮቹ ባለ 144 ኸርዝ ናቸው፣ ልጆቻቸው ለዚያ ብለው ነው ገንዘብ የጨመሩት። ጥፋቱ የእኔ ኤችዲኤምአይ ነው። የዚያ ሞኒተር የኤችዲኤምአይ መግቢያ ከ60 በላይ አይቀበልም። ሰራውንድ ደግሞ ሦስቱም በአንድ ሪዞሉሽንና በአንድ ሪፍሬሽ ሬት እንዲሄዱ ይፈልጋል። አንዱ ሲያነክስ ሁለቱም አብረውት ያነክሳሉ። ሦስተኛ የዲስፕሌይፖርት ገመድ ይዛ መጥታ ነበር። ሰካነው፣ 144 መጣ። ይህን ትናንት ለማየት አንድ ደቂቃ አይፈጅብኝም ነበር።

የተሰበረው መንገድ ቀረ። በሁለት ሞኒተሮች መጋጠሚያ ላይ የሁለት ጠርዝ፣ 2 ሳንቲሜትር፣ ጥቁር ፕላስቲክ አለ። ኮምፒውተሩ ግን ፕላስቲኩን አያውቀውም። የግራው ስክሪን የመጨረሻ ፒክስልና የመሃለኛው የመጀመሪያ ፒክስል ተያይዘዋል ብሎ ነው የሚስለው። ሰያፍ ሆኖ የሚሻገር መስመር እዚያ ላይ ደረጃ ይሠራል። የመንገድ ዳር ነጭ መስመር ከፕላስቲኩ ወዲህ ገብቶ፣ ወዲያ ሲወጣ ከቦታው ከፍ ወይም ዝቅ ብሎ ይወጣል።

ለዚህ ድራይቨሩ ውስጥ የጠርዝ ማስተካከያ አለ። ከፕላስቲኩ ጀርባ የተደበቀ ፒክስል እንዳለ ያስቆጥረዋል። በዚህ ሞኒተር 2 ሳንቲሜትር ወደ 72 ፒክስል ይሆናል። ለሁለት መጋጠሚያ 144፤ ጠቅላላው ከ5760 ወደ 5904 ያድጋል። ምስሉ ከጠርዙ ጀርባ አልፎ እንደሚሄድ ይሆናል፣ በመስኮት ምሰሶ በኩል ውጭውን እንደማየት። ለብዙ ጌም ጥሩ መፍትሔ ነው። ችግሩ መጋጠሚያው ላይ የተቀመጠ ጽሑፍ ወይም ቁልፍ ካለ እሱም ይደበቃል።

ለዚህ ጌም ግን እሷ የድራይቨሩን ማስተካከያ እንደጠፋ ተወችው። ለምን አልኳት። ዩሮ ትራክ ለብዙ ሞኒተር የሚሆን የራሱ የሴቲንግ ፋይል አለው። በዚያ ፋይል መሠረት የእያንዳንዱን ሞኒተር ምስል ለብቻው ይስላል፤ ወደየት አቅጣጫ እንደሚያይና ስንት ዲግሪ እንደሚሸፍን ይጻፍለታል። ስለዚህ ዓለሙ በአንድ ጠፍጣፋ መስታወት ፋንታ በሦስት መስታወት ይሳላል፤ ሦስቱም የታጠፉት ልክ ጠረጴዛው ላይ እንደታጠፉት ነው።

ወረቀት ላይ ጻፈችልኝ። አቅጣጫ፦ 49.3 ወደ ግራ፣ 0፣ 49.3 ወደ ቀኝ። ሽፋን፦ ለእያንዳንዱ 47.7። «ሁለቱ ቁጥሮች ለምን አይተካከሉም?» ብላ አየችኝ። ትንሽ ቆየሁ። ሽፋኑ የስክሪኑ ብቻ ነው፤ አቅጣጫው ግን ከነጠርዙ ነው። በመካከላቸው ያለው 1.6 ዲግሪ ፕላስቲኩ ነው። ጠርዙ እዚያው ቁጥሩ ውስጥ ተቆጥሯል። በድራይቨሩም ደግመን ብናስተካክለው ሁለት ጊዜ እንቆርጠው ነበር። ያቺን ወረቀት እስካሁን አልጣልኳትም።

አንድ ነገር ብቻ ቀረን፤ ፍጥነቱ። ሦስት ሞኒተር ማለት ወደ 6.2 ሚሊዮን ፒክስል ነው፣ የአንዱ ሦስት እጥፍ። ግራፊክስ ካርዱ መካከለኛ ስለሆነ ምስሉ አልፎ አልፎ ይንገዳገዳል። እኔ የማውቀው መፍትሔ የስፖኪዮውን ጥራት መቀነስ ነበር። በዚህ ጌም ለእያንዳንዱ ስፖኪዮ ዓለሙ እንደገና ስለሚሳል ካርዱን በጣም ያደክመዋል። ልቀንስ እጄን ስዘረጋ ሰውዬው ያዙኝ።

«ስፖኪዮው አይነካም። ተሳቢ ያለ ስፖኪዮ እንዴት ይነዳል? ሌላ ቀንስ።»

ጥላውን ቀነስን። ዛፉ ትንሽ ሻከር አለ፣ ስፖኪዮው ግን ጥርት እንዳለ ቀረ። በጥሬ ቁጥር ብሄድ ትክክለኛው ምርጫ የእኔ ነበር። ለእሳቸው ግን ዛፉ ሻከረም ለሰለሰ ለውጥ የለውም።

ዊንዶውስ ሦስቱን እንደ አንድ ስክሪን ስለሚያይ ማንኛውንም መስኮት ሲያሰፉት ሦስቱ ላይ ይንጣለላል። ዜና ለማንበብ ሲፈልጉ እንዳይቸገሩ ሰራውንዱን እንዴት እንደሚያጠፉት አሳየኋቸው። ሁለት ጊዜ ራሳቸው አበሩት፣ አጠፉት። በወንበሩ እግሮች ሥር ወለሉ ላይ በፕላስተር ምልክት አደረግኩ፣ ከተንቀሳቀሰ ወደ ቦታው እንዲመልሱት። ይህን ማንም አላዘዘኝም።

ከዚያ ነዱ። እኔ በዚህኛው ቀን ከኋላ አልቆምኩም፤ መንዳት ከመጀመራቸው በፊት እዚያው ወንበር ላይ ተቀምጬ አይቼዋለሁ። አሁን ደግሞ ከጎናቸው በርከክ ብዬ ፊታቸውን ነበር የማየው። ተሳቢው ከመጋዘን ወጣ፣ ኩርባውን ዞረ። ነጩ መስመር ከግራው ሞኒተር ወደ መሃለኛው ቀጥ ብሎ አለፈ። ምንም አላሉም። መስቀለኛ መንገድ ጋ ሲደርሱ ፍሬን ያዙ።

አንገታቸውን ወደ ግራ አዞሩ። ቆም ብለው አዩ። ወደ ቀኝ አዞሩ። አንድ ነጭ መኪና አለፈ።

«ባዶ ነው» አሉ ለራሳቸው፣ ማርሽ አስገቡና ሄዱ።