ጎሚስታዬን ከአስፓልት ዳር እንዴት እንዳዛወርኩ

ሳር ቤት አካባቢ አስፓልት ዳር ኮንቴነር ውስጥ 11 ዓመት ጎሚስታ ሰርቻለሁ። 2016 ላይ ከሜክሲኮ በሳር ቤት አድርጎ ወደ ወሎ ሰፈር የሚሄደው መስመር ኮሪደር ልማት ሲገባበት መነሳት ግድ ሆነ። ሌላ ሰፈር ያሉ ልጆች "አንተ እንዴት አደረክ" እያሉ ስለሚደውሉልኝ ለሁሉም እንዲሆን ልጻፈው።

መጀመሪያ ወረቀቱ። ኮንቴነሩን ሳስቀምጥ የተሰጠኝ ደብዳቤ "በጊዜያዊነት" ይላል፣ በየዓመቱ ይታደሳል። የመጨረሻዎቹን ሁለት ዓመት ግን አላሳደስኩም፣ ማንም አልጠየቀኝማ። ንግድ ፈቃዴን አሳድሳለሁ፣ ግብር እከፍላለሁ፣ በቃ ያ ይበቃል ብዬ ነበር። አይበቃም! ንግድ ፈቃድ ለስራው ነው፣ ቦታው ላይ ለመቀመጥ ሌላ ወረቀት ያስፈልጋል፣ እኛ ሰፈር ግን ሁላችንም ሁለቱን እናምታታ ነበር። አንዳንዱማ 15 ዓመት ግብር ከከፈልክ ቦታው ያንተ ይሆናል ይላል፣ እኔም በግማሽ ልቤ አምኜ ነበር፣ አንድ ጠበቃ ደንበኛዬ ጎማ ሊያስሞላ ሲመጣ ብጠይቀው የ15 ዓመቱ ነገር ህጉ ውስጥ አለ ግን ለመንገድ አይሰራም፣ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ህግ መንገድ የህዝብ ንብረት ስለሆነ የፈለከውን ያህል ብትቀመጥ በይርጋ አታገኘውም አለኝ። ካሳውም በአዋጅ 1161/2011 ለህጋዊ ባለይዞታ ነው። ያን ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም። ግን ጠቀመኝ፣ ካሳ መጠበቁን ትቼ ምትክ ቦታ ወደ መጠየቁ ገባሁ።

ብቻዬን አልሄድኩም። ረድፉ ላይ የነበርነው ስድስታችን፣ ቁልፍ ቀራጩም ጁስ ቤቷም ሌሎቹም፣ አንድ ማመልከቻ ጻፍንና ፈቃድ፣ ቲን፣ የግብር ደረሰኝ፣ የድሮውን ደብዳቤና የኮንቴነሩን ፎቶ አያያዝን። እባካችሁ አስገብታችሁ ዝም ብላችሁ እንዳትወጡ፣ መዝገብ ቤት ገቢ አስደርጋችሁ ቁጥሩንና ቀኑን በራሳችሁ ኮፒ ላይ አስጽፉ፣ ማህተም አስመቱ። የኛ ማመልከቻ መሃል ላይ ጠፍቶ በቁጥሩ ነው የተገኘው። ደብዳቤያቸውን ላሳደሱት ለሁለቱ ሰዎች ሼድ፣ ማለትም ምትክ የመስሪያ ቦታ፣ ቶሎ ደረሳቸው፣ እኛ አራታችን አራት ወር ጠበቅን።

ለኔ መጀመሪያ የተባለው ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነበር። መኪና ሁለተኛ ፎቅ አይወጣ! አልተቀበልኩም ብዬ ብመለስ ኖሮ ያልቅልኝ ነበር፣ የኮምፕሬሰሩን ክብደት፣ መኪና መግቢያ እንደሚያስፈልገኝ ሁሉ በጽሁፍ አስረዳሁና ከሼዱ ጀርባ ምድር ላይ ተሰጠኝ።

ኮንቴነሩን ለማንሳት እስከ መጨረሻው ቀን አትቆዩ። እኔ ቆየሁና ሰው ሁሉ በአንድ ቀን ክሬን ሲፈልግ ዋጋው እጥፍ ሆነ፣ መብራቱም ከጎረቤት ቆጣሪ የተሳበ ስለነበር እሱን ስፈታ፣ ቸርኬውን ካላማዳሪያውን ስጭን መሸብኝ። የተሰጠን ቀን አጭር ነበር፣ ይሄ እስካሁን ይከነክነኛል፣ ቤተሰብ የሚያስተዳድር ሰው በዛች ጊዜ ውስጥ ሌላ ቦታ አያገኝም። መነሳታችን ግን ልክ ነው። እዛው ሰፈር አንድ ዓይነ ስውር አባት ነበሩ፣ ኮንቴነራችን ጋ ሲደርሱ ወደ አስፓልቱ ወርደው ነበር የሚያልፉት፣ አሁን በእግረኛው መንገድ በዱላቸው ቀጥ ብለው ሲሄዱ ሳይ ያን ሁሉ ዓመት እንዴት አላሰብኩትም እላለሁ።

ደንበኛ አልጠፋም ብል ውሸት ነው። ጎሚስታን ሰው የሚያገኘው በዓይኑ ነው። መታጠፊያው ላይ ታፔላ ተከልኩ፣ እሱም ለብቻው ፈቃድ አለው ለካ፣ አስነሱኝ። የሰራልኝ ስልክ ነው። ከመነሳታችን በፊት በነበሩት ቀናት ለመጣ ሁሉ፣ በተለይ ለራይድና ለሚኒባስ ሹፌሮች፣ ቁጥሬ ያለበትን ስቲከር ሰጠሁ፣ በጠበቅንባቸው አራት ወራት ደግሞ ትንሿን ኮምፕሬሰርና ክሪክ በሞተር ይዤ ጎማ የፈነዳበት ጋ እሄድ ነበር። ያኔ የደወሉልኝ ናቸው አሁን ከሼዱ ጀርባ ድረስ ፈልገው የሚመጡት።

የአሁኑ ውሌ በየዓመቱ ሰኔ 30 ያበቃል። ኮፒውን ከኮምፕሬሰሩ በላይ ግድግዳው ላይ ለጥፌዋለሁ፣ ግንቦት ሲገባ ለማሳደስ እሄዳለሁ።