የአሌክሳንደር ዩርን የሕይወት ታሪክ እንዴት እንዳዘጋጀሁ

ስለ ስኮትላንዳዊው ጠበቃና ፖለቲከኛ አሌክሳንደር ዩር (1853–1928 እ.ኤ.አ.) ስጽፍ በቅድሚያ የሠራሁት በወር በወር የተከፈለ የጊዜ ሠንጠረዥ ነው። በአንዱ ዓምድ የፍርድ ቤት ሥራውን፣ በሌላው የፖለቲካ ሥራውን አስገባሁ። የእንዲህ ያሉ ሰዎች ታሪክ የሚበላሸው «ጠበቃው» እና «ፖለቲከኛው» ተብሎ በሁለት ምዕራፍ ሲቆረጥ ነው። በዚያ ዘመን ሎርድ አድቮኬት የሚባለው ሹም የስኮትላንድ የወንጀል ክሶች የበላይ ኃላፊ፣ የመንግሥት የሕግ አማካሪና አብዛኛውን ጊዜም የፓርላማ አባል ነበር። ሰውየው አንድ ነው፤ ታሪኩም አንድ ላይ መነገር አለበት።

ዋና ዋናዎቹ ዓመታት ብዙ አያስቸግሩም። ዩር የግላስጎው ከንቲባ የነበረው የጆን ዩር ልጅ ነው። በ1878 ጥብቅና ጀመረ፤ በ1895 በሊበራል ፓርቲ ስም ከሊንሊትጎሻየር ፓርላማ ገባ። ከ1905 ጀምሮ የስኮትላንድ ሶሊሲተር ጄኔራል (ከሎርድ አድቮኬት ቀጥሎ ያለው የሕግ ሹም)፣ ከፌብሩዋሪ 1909 ጀምሮ ሎርድ አድቮኬት ሆነ። ከ1913 እስከ 1920 ደግሞ የስኮትላንድ የበላይ ዳኛ ነበር። ሹመቶቹን ከመንግሥት ይፋዊ ጋዜጣ ከኤዲንብራ ጋዜት፣ ንግግሮቹን ከፓርላማው ቃለ ጉባኤ ከሃንሳርድ ጋር ማመሳከር ይቻላል። ፍለጋው ግን በሁለት ስም መሆን አለበት፤ በ1914 ባሮን ስትራትክላይድ ከተባለ በኋላ «ዩር» በሚለው ስም አይገኝም። ሎርድ አድቮኬት በነበረበት ጊዜ «ሎርድ» የሚለው የሹመቱ መጠሪያ ስለሆነ፣ ያኔ የላይኛው ምክር ቤት አባል አድርጎ መጻፍ ስሕተት ነው።

ሁለቱ ዓምዶች የሚጋጠሙት በ1909 ነው። የገንዘብ ሚኒስትሩ ሎይድ ጆርጅ «የሕዝብ በጀት» የተባለውን ኤፕሪል 29 አቀረበ። ከአራት ቀን በኋላ፣ ሜይ 3፣ ሹመቱ ገና ሦስት ወር ያልሞላው ዩር ኦስካር ስሌተርን ለመክሰስ በኤዲንብራ ችሎት ቆመ። ስሌተር ከጀርመን የመጣ አይሁዳዊ ሲሆን፣ የተከሰሰው ማሪዮን ጊልክሪስት የተባለችን አሮጊት ዲሴምበር 21 ቀን 1908 ግላስጎው ውስጥ ገድሏል ተብሎ ነው። በዚያው ዓመት መከር ላይ ዩር በየመድረኩ ለበጀቱ ይሟገት ነበር። ወግ አጥባቂዎች ሥልጣን ከያዙ የአረጋውያን ጡረታ አደጋ ላይ ይወድቃል በማለቱ የተቃዋሚዎቹ መሪ ባልፎር በአደባባይ ውሸታም ብሎታል። የችሎቱንና የበጀቱን ንግግሮች ጎን ለጎን ያነበበ፣ አድማጭን በስሜት የሚይዝ አንድ ተናጋሪ ያገኛል።

የችሎቱ ሙሉ ቃል በ1910 ታትሟል። የዩርን የመጨረሻ ንግግር ዐረፍተ ነገር በዐረፍተ ነገር ከፍዬ፣ ለእያንዳንዱ የሐቅ አባባል የመሰከረውን ሰው ስም በዳር ጻፍኩ፤ ምስክር የሌለውን ባዶ ተውኩት። ከባዶዎቹ አንዱ እጅግ ከባድ ነው፦ ስሌተር የሸሸው ዲሴምበር 25 ስሙ በጋዜጣ ስለወጣ ነው የሚለው። በዚያ ቀን የወጣው የተፈላጊው ሰው መልክ እንጂ የስሌተር ስም አልነበረም፤ ስሌተርም ወደ አሜሪካ ለመጓዝ ቀድሞ ሲዘጋጅ ነበር። ደራሲው አርተር ኮናን ዶይል በ1912 አጥብቆ የተቸው ይህንኑ ነው። ዩር ሆን ብሎ ዋሽቷል የሚል ማስረጃ ግን ስለሌለ እንዲያ መጻፍ አይገባም፤ የተባለውንና የሆነውን አጠገብ ለአጠገብ ማስቀመጥ በቂ ነው።

የፍርዱን ድምፅ ቁጥር ያለ ማብራሪያ መስጠት አንባቢን ያሳስታል። በስኮትላንድ ጁሪው (ከተራ ዜጎች ተመርጦ ጥፋተኝነትን የሚወስነው ቡድን) 15 ሰው ነው፤ በዚያ ጊዜ 8 ድምፅ ለጥፋተኝነት ይበቃ ነበር። 9ኙ ጥፋተኛ፣ 5ቱ አልተረጋገጠም (ያኔ ተከሳሹን ነጻ የሚያወጣ ሦስተኛ የፍርድ ዓይነት)፣ 1ዱ ጥፋተኛ አይደለም አሉ። የሞት ቅጣቱ ሊፈጸም ሁለት ቀን ሲቀረው ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተለወጠ።

ቀኖቹን ወደ እኛ አቆጣጠር የሚመልስ ሰው ይጠንቀቅ። ግድያው ታኅሣሥ 12፣ ችሎቱ የተጀመረው ሚያዝያ 25 ነው፤ ሁለቱም በ1901 ዓ.ም. ስለሆነ «በቀጣዩ ዓመት ተፈረደበት» ማለት አይሠራም። ሜይን በደፈናው «ግንቦት» ማለትም ችሎቱን ከቦታው ያንሸራትተዋል።

የ1928ቱ ይግባኝም በጥንቃቄ መነበብ አለበት። የ1926ቱ የይግባኝ ሕግ የቆዩ ፍርዶችን ስለማይሸፍን ለስሌተር ልዩ ሕግ በ1927 አስፈለገ። ፍርዱ በጁላይ 1928 የተሻረው ዳኛው ሎርድ ጋትሪ የተከሳሹን መጥፎ ጠባይ አስመልክቶ ለጁሪው የሰጠው መመሪያ ስለተሳሳተ ብቻ ነው፤ ሌሎቹ የይግባኝ ምክንያቶች ተቀባይነት አላገኙም። ስለዚህ «ፍርድ ቤቱ ዩርን ኮነነ» ማለት አይቻልም። ሆኖም ዩርም በንግግሩ መክፈቻ ያንኑ የጠባይ ነገር ለጁሪው አንሥቶ ነበር፤ ይህን ከይግባኙ ውሳኔ ጋር አያይዤ ጻፍኩት። ስሌተር 6,000 ፓውንድ ካሳ ተሰጠው። ዩር ኦክቶበር 2 ቀን 1928 ሞተ።

ከዚህ በኋላ ሠንጠረዡ ላይ ሦስተኛ ዓምድ ጨመርኩ፤ ለተተኪዎቹ። በ1913 የዩርን ቦታ የያዘው ሮበርት ሙንሮ ነበር፤ የስሌተር ጉዳይ በ1914 ተመርምሮ ፍርዱ ሳይለወጥ ሲቀር ሎርድ አድቮኬቱ እሱ ነው። በ1928 ይግባኙን ከሰሙት አምስት ዳኞች መካከልም አለ፤ ስሙ ግን ያኔ ሎርድ አልነስ ነው።