ከቻርሎት አደባባይ እስከ ክሎን፦ የሃልዴንን ዱካ ተከትዬ

ኤድንብራ ዌስት ኤንድ ከትራም ወርጄ ጥቂት ደቂቃ በእግር ሄድኩ። ቻርሎት አደባባይ በ1791 በሮበርት አዳም የተነደፈ ነው (እዚህ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ቁጥር 17 ግድግዳ ላይ ያለው ሰሌዳ ሪቻርድ በርደን ሃልዴንን ያስታውሳል። ጠበቃው፣ የብሪታንያ የጦር ሚኒስትሩ፣ ሁለት ጊዜ ሎርድ ቻንስለር (የአገሪቱ ከፍተኛ የፍትሕ ሹም) የሆነው ሰው በ1856 የተወለደው እዚህ ነው። እዚያው አደባባይ ቁጥር 24 ደግሞ በ1861 በአንደኛው የዓለም ጦርነት የብሪታንያን ጦር በምዕራቡ ግንባር የመራው ፊልድ ማርሻል ሄግ ተወልዷል። ሠራዊቱን ያደራጀው ጠበቃና ሠራዊቱን ያዘመተው ወታደር የአንድ ሰፈር ልጆች ናቸው።

ሁለቱም ቤቶች ለጎብኚ ክፍት አይደሉም፤ የመሃሉም አትክልት ቦታ ተቆልፎ ይውላል። የዘመኑን ቤት ከውስጥ ማየት የሚፈልግ ቁጥር 7 ትኬት ቆርጦ ይግባ።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ከዚህ ቀጥሎ ነው። ሃልዴን ስኮትላንዳዊ ጠበቃ ስለነበር ስሙን የስኮትላንድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ባለበት በኤድንብራው ፓርላመንት ሀውስ ይፈልጉታል። እሱ ግን በኤድንብራና በጀርመኗ ጎቲንገን ከተማረ በኋላ በ1879 የጥብቅና ፈቃዱን ያወጣው ለንደን፣ ሊንከንስ ኢን ከተባለው የጠበቆች ማኅበር ነው። የስኮትላንድ የፍትሐ ብሔር ይግባኝ የመጨረሻ ማረፊያው የለንደኑ የሎርዶች ምክር ቤት ስለነበር ከአገሩ ጉዳይ አልራቀም።

ወደ ቤተሰቡ መኖሪያ ወደ ክሎን የሚወስደው ባቡር ከኤድንብራ ጣቢያዎች፣ ከዌቨርሊ ወይም ከሄይማርኬት ይነሳል፤ መውረጃው ግሌኒግልስ ነው። ወደ ፐርዝ የሚሄድ ባቡር ሁሉ ግን ግሌኒግልስን አይነካም። ከፊሎቹ በፋይፍ በኩል ይዞራሉ። በስተርሊንግ የሚያልፈውን መርጦ መሳፈር፣ ቀጥታ ከሌለም ስተርሊንግ ላይ መቀየር ነው። ከጣቢያው እስከ ኦክተራርደር ከተማ 3 ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል።

ኦክተራርደር በአንድ ረጅም ጎዳና ግራና ቀኝ የተዘረጋች ከተማ ናት። ፈጥኖ የሚያልፋት ሰው ትልቅ ነገር ያመልጠዋል። በ1834 የአካባቢው ባላባት ሮበርት ያንግ የተባለ ሰው ለደብሩ ቄስ እንዲሆን አጨ። ድምፅ ካላቸው 330 አባወራዎች 287ቱ አንፈልግም አሉ፤ እንቀበለዋለን ብለው የፈረሙት 2 ሰዎች ብቻ ነበሩ። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደረሰ፣ በ1839 የሎርዶች ምክር ቤት ለባላባቱ ፈረደ። ምእመናን የማይፈልጉት ቄስ ሊጫንባቸው አይገባም በሚል በ1843 ከ450 በላይ ቀሳውስት ደመወዛቸውንና ቤታቸውን ትተው ወጡና ፍሪ ቸርች የተባለችውን ቤተ ክርስቲያን መሠረቱ።

ይህች ቤተ ክርስቲያን በ1900 ከሌላ ጋር ስትዋሃድ ጥቂቶች አሻፈረን ብለው ንብረቱ የእኛ ነው ሲሉ ከሰሱ። ለተዋሃደችው የተከራከረው ሃልዴን ነበር። ቤተ ክርስቲያን ሕያው አካል ናት፣ ትምህርቷ ቢያድግም ያችው ናት አለ። ዳኞቹ ግን ነገሩን እንደ አደራ ንብረት አዩት፤ አደራው የመሥራቾቹን ትምህርት ሳይለውጥ ለያዘ ነው። ኦገስት 1 ቀን 1904 በ5 ለ2 ተረታ። በእኔ እምነት የተረታው ሕግ ጎድሎት ሳይሆን ፍልስፍናውን ዳኛ ፊት ስላበዛው ነው። ፍርዱ ግን የሚሠራ አልነበረም፦ በጣት የሚቆጠሩ ቀሳውስት ያን ሁሉ ሕንፃ ማስተዳደር አይችሉምና በ1905 ፓርላማው በሕግ ንብረቱን አከፋፈለ።

ክሎን ከከተማው ወደ ኦኪል ኮረብታዎች ግርጌ 3 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ኤ9 አውራ ጎዳና መሃል ስለገባ ሜዳ አቋርጦ መሄድ አይሞከርም። ቤቱ የግል ነው፤ ስኮትላንድ ውስጥ በሰው መሬት የማለፍ መብት ቢኖርም ቤቱንና ግቢውን አይጨምርም። ከመንገዱ ማየት ይበቃል።

ሃልዴን በ1905 መጨረሻ የጦር ሚኒስትርነት ሹመቱን እንደተቀበለ፣ በዚያው የብርድ ወቅት ከወታደራዊ ጸሐፊው ከኮሎኔል ኤሊሰን ጋር የሠራዊቱን ማሻሻያ የመከረው እዚህ ነው። ውጤቱ ሁለት ክንድ ነበረው፦ ለባሕር ማዶ 6 እግረኛና 1 ፈረሰኛ ክፍለ ጦር፣ ለአገር ቤት ደግሞ ኤፕሪል 1 ቀን 1908 ሥራ የጀመረው ቴሪቶሪያል ፎርስ የተባለው የትርፍ ጊዜ በጎ ፈቃደኞች ጦር፣ 14 ክፍለ ጦርና 14 ፈረሰኛ ብርጌድ። የዚህን ስንቅና ትጥቅ የሚያሰናዱት የየአውራጃው ማኅበራት ነበሩ። በ1914 ጦርነቱ ሲጀመር የጦር ሚኒስትር የሆነው ኪችነር ማኅበራቱን ወደ ጎን ትቶ አዲስ ጦር ከዜሮ ስለጀመረ ሁለቱ ጦሮች ለአሠልጣኝና ለጠመንጃ ተሻሙ።

ሃልዴን ራሱ ከጀርመን ፍልስፍና ጋር ባለው ፍቅር በጋዜጦች ተወገዘ፤ ሜይ 1915 ጥምር መንግሥት ሲመሠረት ከሥልጣን ወጣ። ጁላይ 19 ቀን 1919፣ የድሉ ሰልፍ ለንደን ላይ በተደረገበት ዕለት፣ ሄግ ራሱ ቤቱ ድረስ ሄዶ አመሰገነው።

ወደ ኤድንብራ ስመለስ የመጨረሻ ማረፊያዬ በጆርጅ አራተኛ ድልድይ ጎዳና ያለው የስኮትላንድ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ነበር። የሃልዴን ወረቀቶች እዚያ ናቸው። አስቀድሞ መመዝገብና ሰነዱን ማዘዝ ያስፈልጋል፤ እርሳስ እንጂ እስክሪብቶ አይገባም። ልጅ ያልነበረው፣ ሳያገባ የኖረው ሃልዴን ከቤት በራቀ ቁጥር በየቀኑ ለእናቱ ይጽፍ ነበር፤ ደብዳቤዎቹ የሚሄዱት ወደ ክሎን ነው። እናቱ መቶኛ ዓመቷን አክብራ በ1925 አረፈች። ጊዜ ያጠረው አንባቢ ከሥልጣን የወጣበትን የሜይ 1915ን ሳምንታት ደብዳቤዎች ያስቀድም።