ደብረ ብርሃን፦ ከጀሪካን እስከ ካልሲ ኳስ

ከአዲስ አበባ 130 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዤ ደብረ ብርሃን የገባሁት በኅዳር ነው። ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ከፍ ያለች ስለሆነች ማለዳ ውርጩ አጥንት ይሰብራል። ጠባሴ በኩል ከአስፋልቱ ወደ ውስጥ ገባ ሲሉ በጭቃ የተመረጉ ደሳሳ ቤቶች ተደጋግፈው ቆመዋል። እዚያ ከሁሉ ቀድመው የሚነሱት ልጆች ናቸው።

ገና ሳይነጋ ቦኖው ጋ ጀሪካኖች ተደርድረዋል፤ ባለቤቱ ባይኖርም ጀሪካኑ ወረፋ ይይዛል። ባለ 20 ሊትሩ ሲሞላ 20 ኪሎ ነው፤ ለስምንት ዓመት ልጅ በጣም ይከብዳል፣ ባለ 5 ሊትሩ ይበቃዋል። ክዳኑ የጠፋበት አፉን በፌስታል ይወትፈዋል። ውሃው ግን በፌስታሉ ጎን እየሾለከ የልጁን ጀርባ ያረጥበዋል፤ በዚያ ብርድ እርጥብ ሹራብ ለብሶ ትምህርት ቤት መሄድ ጭካኔ ነው። ደህና ክዳን ቀላል ነገር ይመስላል፣ አይደለም።

ሴቶቹ ልጆች ኩበት ይጠፈጥፋሉ። ትኩስ እበት ከገብስ ጭድ ጋር ይታሻል፤ ጭዱ ካነሰ ሲደርቅ ይሰነጠቃል። ጣት ያህል ውፍረት አድርገው ፀሐይ የሚያገኘው ግድግዳ ላይ ይለጥፉታል፣ ላዩ ሲጠነክር ያላቅቁና ይገለብጡታል። በበጋ ሳምንት ያህል ይበቃዋል። ሰብረው ሲያዩት ውስጡ አረንጓዴ ከሆነ ገና ነው።

«አንቺ፣ ጤዛ ሳይወርድበት ኩበቱን አስገቢው!» ትላለች እናት አመሻሽ ላይ። እውነቷን ነው፤ እርጥብ ኩበት አይነድም፣ ይጨሳል። ብርዱ ደግሞ በር ያዘጋል፣ ጭሱ መውጫ ያጣል፣ ምድጃው አጠገብ የተቀመጠው ሕፃን ዓይኑ ይቀላል፣ ያስለዋል። ከሰል ግን ይበልጥ ያስፈራል፤ መርዛማ ጋዙ ስለማይታይ በር ዘግተው የተኙትን በእንቅልፍ ላይ ሳሉ ይገድላል። ማታ ምድጃው ሳይወጣ ልጆች መተኛት የለባቸውም።

ከሰዓት የጠዋት ፈረቃዎቹ ሲመለሱ ኳስ ይሠራሉ። ፌስታሎችን አጥብቆ መጠቅለል፣ አሮጌ ካልሲ ውስጥ መክተት፣ ጫፉን ጠምዝዞ መልሶ ማልበስ፣ ከዚያ በሲባጎ ዙሪያውን ማሰር። ውስጡን ጨርቅ ያደረገ ይጸጸታል፤ ጨርቅ ውሃ ይጠጣና ኳሱ ድንጋይ ይሆናል። ሲባጎው ሲላላ ጨዋታው ቆም ይላል፤ አንዱ በጥርሱ ይዞ ያጠብቀዋል።