ሙንስተር፦ በየዐሥር ዓመቱ የሚመለሱት ቅርጾች

ጫማዬን አውልቄ በእጄ ያዝኩ፤ ሱሪዬን እስከ ጉልበቴ ጠቀለልኩ። ከፊቴ ያለው የሙንስተር ከተማ የወደብ ውኃ ነው፤ ጠቆር ያለ፣ ግራና ቀኙ በግንብ የተከበበ። ከማዶ አንድ አባት ልጁን ትከሻው ላይ አድርጎ በውኃው ላይ እየተራመደ ወደ እኔ ይመጣል። ውሻቸውም ከኋላ ይከተላል፤ እየዋኘ ሳይሆን እየተራመደ። እግሬን ሳስገባ ቅዝቃዜው አጥንቴ ድረስ ተሰማኝ። ከዚያ የብረት ወለል ከታች ተቀበለኝ።

ጊዜው ጁላይ 2017 ነበር (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ያንን መንገድ የሠራችው አይሼ ኤርክመን የተባለች ቱርካዊት አርቲስት ናት። የጭነት ኮንቴይነሮችን ወደቡ ውስጥ አስጥማ፣ በላያቸው የብረት ወለል ዘርግታ፣ ሁለቱን ዳርቻዎች ከውኃው ገጽ ጥቂት ዝቅ ብሎ በሚያልፍ መንገድ አገናኘቻቸው። ሰሜኑ ዳርቻ ምግብ ቤትና መጠጥ ቤት የሞላበት ነው፤ ደቡቡ የፋብሪካና የመጋዘን ሰፈር። በዚያ ቦታ ለመሻገሪያ የሚሆን ድልድይ አልነበረም። መሀል ላይ ስደርስ ቆም አልኩ። ከዳር ሆኖ ለሚያየኝ እኔም ውኃ ላይ የቆምኩ ሰው ነበርኩ፤ ይህን ሳስብ ልቤ በደስታ ዘለለ።

ይህ መንገድ የአንድ ትልቅ የቅርጻ ቅርጽ ዐውደ ርእይ አካል ነበር፤ ዐውደ ርእዩ በጀርመንኛ ስኩልፕቱር ፕሮየክተ ይባላል። በሰሜን ምዕራብ ጀርመን ባለችው በዚህች ከተማ በየዐሥር ዓመቱ ይካሄዳል፦ 1977፣ 1987፣ 1997፣ 2007፣ 2017፣ ቀጣዩም 2027። የመግቢያ ዋጋ የለውም፤ የሚገባበት በርም የለውም። ሥራዎቹ በመንገድ፣ በመናፈሻ፣ በድልድይ ሥር ናቸው። አርቲስቶቹ አስቀድመው ወደ ከተማዋ ይመጣሉ፣ ይዞራሉ፣ ቦታ ይመርጣሉ፤ ከዚያ ለዚያች ቦታ ብቻ የሚሆን ነገር ያስባሉ።

ጅማሬው ግን ጠብ ነበር። በ1970ዎቹ መጀመሪያ ከተማዋ የአሜሪካዊውን ጆርጅ ሪኪን በነፋስ የሚሽከረከሩ ሦስት የብረት አራት ማዕዘኖች ልትገዛ ስታስብ ነዋሪው ተቆጣ። በመጨረሻ አንድ ባንክ ገዝቶ ለከተማዋ ሰጣት። የሙዚየም ባለሙያው ክላውስ ቡስማን ቁጣውን ንቆ አላለፈውም፤ ለሕዝቡ ስለ ዘመናዊ ቅርጻ ቅርጽ ማስረዳት ጀመረ። ከዚያም ከካስፐር ኬኒግ ጋር ሆኖ የ1977ቱን ዐውደ ርእይ አዘጋጀ። ይህንን ታሪክ እወደዋለሁ። «ምን ማለት ነው?» ብሎ የጠየቀ ሰው መልስ ይገባዋል፤ እዚህ ደግሞ መልሱ አሁንም ድረስ እየተሰጠ ነው።

ከስድስት ዓመት በኋላ፣ በሴፕቴምበር 2023፣ ተመልሼ ሄድኩ። በዚህኛው ጉዞ ዐውደ ርእይ አልነበረም፤ መመለሴም ለዚሁ ነው። እያንዳንዱ ዐውደ ርእይ ሲያበቃ አብዛኛው ሥራ ይነሣል፤ አንዳንዱን ግን ከተማዋ ወይም ሌላ ተቋም ገዝቶ በቦታው ይተወዋል። እስካሁን የቀሩት ከሠላሳ ይበልጣሉ። እኔ ማየት የፈለግሁት ካርታ የያዘው ጎብኚ ከሄደ በኋላ እነዚህ ነገሮች እንዴት እንደሚኖሩ ነው።

ባቡር ጣቢያው አጠገብ ብስክሌት ተከራየሁ። ሙንስተርን ያለ ብስክሌት ማየት አይቻልም፤ ነዋሪዎቹ «ሌዘ» የሚል የራሳቸው ስም እንኳ አውጥተውለታል። የጥንቱ የከተማ ቅጥር በነበረበት ቦታ 4.5 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝም፣ በሊንደን ዛፎች የተጠለለ ክብ መንገድ አለ። በእሱ ዞሬ ወደ አዜ ሐይቅ ወረድኩ።

ሐይቁ ዳር፣ ሣሩ ላይ፣ ሦስት ግዙፍ የኮንክሪት ኳሶች ተቀምጠዋል፤ የእያንዳንዱ ስፋት 3.5 ሜትር። ክሌስ ኦልደንበርግ በ1977 ከተማዋን እንደ ቢሊያርድ ጠረጴዛ አስቦ ነው የሠራቸው። በቀለም የተጻፈባቸው፣ የተጠረገ፣ እንደገና የተጻፈባቸው ናቸው። አንደኛውን ተደግፈው የተቀመጡ ሽማግሌ አገኘሁና አጠገባቸው ብቀመጥ ቅር ይላቸው እንደሆነ ጠየቅኋቸው። በእጃቸው ሣሩን አሳዩኝ።

«በ1977 እዚሁ ተማሪ ነበርኩ» አሉኝ ወሬያችን ሲሞቅ። «ወጣቶቹ ተሰብስበው ወደ ሐይቁ ሊያንከባልሏቸው ሲገፉ ነበር።»

«እርስዎም ገፍተዋል?»

«ቆሜ አየሁ። ማንም ንቅንቅ አላደረጋቸውም።»

«አሁንስ ሰው ምን ይላል?»

ትንሽ አሰቡ። «አሁን ማንም ምንም አይልም። የት እንገናኝ ሲባል ኳሶቹ ጋ ነው የምንባባለው።»

ከእሳቸው ተለይቼ ትንሽ እልፍ ስል የዶናልድ ጀድን ሁለት የኮንክሪት ቀለበቶች አገኘሁ፤ እነሱም የ1977 ናቸው። አንዱ በሌላው ውስጥ ነው። የውጪው ቁልቁለቱን ተከትሎ ያዘነብላል፤ የውስጠኛው አናት ግን ውኃ ልክ ነው። መሬቱ ተዳፋት መሆኑን ያወቅሁት እነሱን ካየሁ በኋላ ነው፤ እስከዚያ ድረስ በተዳፋቱ ላይ ስሄድ ልብ አላልኩትም ነበር። ሁለት ተማሪዎች የውጪው ቀለበት ላይ ተቀምጠው ዳቦ ይበላሉ።

የኢሊያ ካባኮቭ ሥራ ደግሞ ከሩቅ ሲያዩት ሣር ላይ የቆመ ረጅም የሬዲዮ አንቴና ነው። ሥሩ ሄዶ ላልተጋደመ ሰው አንቴና ሆኖ ይቀራል። ሣሩ እርጥብ ነበር፤ ጃኬቴን አንጥፌ ተጋደምኩ። በዘንጎቹ መካከል ከቀጭን ሽቦ የተሠሩ የጀርመንኛ ፊደላት ሰማዩ ላይ ብቅ አሉ። ጽሑፉ የሚያናግረው የተጋደመውን ሰው ነው፤ በዙሪያህ ማንም የለም፣ የምትሰማው ነፋሱን ብቻ ነው፣ ሰማዩንና ደመናውን ታያለህ፣ ምናልባት በሕይወትህ ካየኸው ሁሉ የሚያምረው ይህ ነው ይለዋል። ካባኮቭ ያረፈው በዚያው ዓመት በሜይ ወር ነበር። የሞተ ሰው፣ የተጋደምኩበትን ቦታ አውቆ፣ በጆሮዬ የነገረኝ መሰለኝ። እዚያ ከግማሽ ሰዓት በላይ ቆየሁ፤ ደመናው ፊደላቱን አልፎ ሲሄድ ቃላቱ የሚንቀሳቀሱ ይመስላሉ።

የብሩስ ናውማን ሥራ ዩኒቨርሲቲው የተፈጥሮ ሳይንስ ሕንፃዎች አጠገብ ነው፦ 25 በ25 ሜትር የሆነ፣ ወደ መሀሉ እየጎደጎደ የሚወርድ ነጭ ኮንክሪት። በ1977 ታቅዶ የተሠራው በ2007 ነው። መሀሉ ስደርስ ጠርዙ ከዓይኔ በላይ ሆነ፤ በግልጽ ሜዳ ላይ ሆኜ ብቸኝነት ያዘኝ። በዚያ ስሜት ብዙ መቆየት አልፈለግሁም።

ሁሉም በሰላም አልኖረም። በ2017 በሊንደኖቹ መንገድ አጠገብ ያየሁት የኒኮል አይዘንማን ፏፏቴ፣ ገንዳ ከብበው ዘና ያሉ ግዙፍ ሰዎች የነበሩበት፣ በዚያው ወቅት የአንዱ ራስ ተቆርጦ ተወስዶበታል። ያኔ አዝኜ ነበር የተመለስኩት። ነዋሪዎቹ ግን ማኅበር መሥርተው ገንዘብ አሰባሰቡ፤ ፏፏቴው በ2021 ወደ ቦታው ተመለሰ። አሁን ሳገኘው ውኃው ይፈስ ነበር፤ ደስታዬን ለማንም መንገር ባልችልም ከብስክሌቴ ወርጄ ሁለት ጊዜ ዞርኩት።

ከሁሉም በላይ ከኅሊናዬ የማይጠፋው ግን በመጀመሪያው ጉዞዬ ያየሁት ነው። ጽቪንገር የሚባለው ክብ ግንብ በ16ኛው ክፍለ ዘመን የከተማዋ ምሽግ ነበር፤ ኋላ እስር ቤት ሆነ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጨረሻ ጌስታፖ፣ የናዚዎች ምስጢራዊ ፖሊስ፣ የፖላንድና የሶቪየት የግዳጅ ሠራተኞችን የገደለበት ነው። ሬቤካ ሆርን በ1987 ወደዚህ ፍርስራሽ ስትገባ ሐውልት አላቆመችም። ግድግዳዎቹን የሚያንኳኩ ትናንሽ የብረት መዶሻዎች ተከለች። በጨለማው መተላለፊያ ስሄድ ከግራ ጠቅ፣ ከቀኝ ጠቅ፣ ከላይ ጠቅ ይላል፤ ትናንሽ መብራቶች እንደ ሻማ ይበራሉ። ጣሪያ በሌለው መሀል ላይ ከከፍታ የውኃ ጠብታ ወደ ገንዳ ይወርዳል። ከግድግዳው ወዲያ ሆኖ መልስ የሚጠብቅ ሰው ያለ ይመስላል። አብረውኝ የገቡት ጎብኚዎች አንድም ቃል አልተናገሩም። ወጥተን እንኳ ብስክሌቶቻችንን ስንፈታ ዝም እንዳልን ነበር።

በመጨረሻው ምሽቴ ወደ ቅዱስ ላምበርት ቤተ ክርስቲያን ሄድኩ። ከማማው ላይ፣ ከሰዓቱ በላይ፣ ሦስት የብረት ፍርግርግ ሣጥኖች ተንጠልጥለዋል። በ1536 የተገደሉት የዳግም አጥማቂዎች (አዋቂዎችን እንደገና ያጠምቅ የነበረ የክርስትና ንቅናቄ) መሪዎች ሬሳ ለማስፈራሪያ የታየው በእነዚህ ነው። ቀን ቀን ሲታዩ ባዶ ናቸው። ሎታር ባውምጋርተን በ1987 በእያንዳንዳቸው ውስጥ አንድ አንድ አምፖል አኖረ፤ ሲመሽ ይበራሉ።

ከማማው ፊት ለፊት ካለው የገበያ ጎዳና ዳር ቆሜ ጠበቅሁ። ሰማዩ ቀስ እያለ ጠቆረ። ሱቆች ይዘጋሉ፤ አንዲት ሴት የልጇን ብስክሌት ከኋላ እየገፋች አለፈች። ቀና ብዬ ስፈልግ መጀመሪያ የላይኛው ታየኝ፣ ደካማ ቢጫ ነጥብ። ከሥሩ ሁለቱ።