በኒው ቬጋስ ከማን ጋር ልወግን?

«ፎልአውት፦ ኒው ቬጋስ» የሚባለውን የቪዲዮ ጌም የጀመረ ሰው ሁሉ ትንሽ እንደሄደ አንድ ጥያቄ ይዞ ይመጣል፤ ከማን ጋር ልወግን? መልሱም አብዛኛውን ጊዜ አንድ ነው። «የስ ማንን ያዝ፣ ከማንም ጋር አትጣላም፣ ከተማዋም ያንተው ትሆናለች» ይሉታል። የስ ማን በጌሙ ውስጥ ያለ፣ ያላችሁትን ሁሉ የሚያደርግ ሮቦት ነው። እኔ በዚህ መልስ አልስማማም። ለምን እንደማልስማማ ለማስረዳት ደግሞ ሁለት መስመር አይበቃኝም። ስለዚህ ዘርዘር አድርጌ ልጽፈው ነው። ጌሙን ያልጨረሳችሁ ካላችሁ ግን ታሪኩን እስከ መጨረሻው ስለማወራ እዚህ ጋ ብታቆሙ ይሻላል።

ለማያውቁት ባጭሩ፦ ጌሙ የወጣው በ2010 እ.ኤ.አ. ነው፤ የሠራው ኦብሲዲያን ነው። በታሪኩ ውስጥ፣ ዓለም በ2077 በኑክሌር ጦርነት ወድማለች፣ እኛ የምንገባው ደግሞ በ2281 በአሜሪካ ሞሃቪ በረሃ ላይ ነው። ተጫዋቹ ዕቃ አድራሽ መልእክተኛ ነው። ቤኒ የሚባል ሰው የያዘውን የፕላቲነም ቺፕ ይቀማውና ጭንቅላቱን በጥይት መትቶ ይቀብረዋል። መልእክተኛው ግን ይተርፋል። ከዚያ በኋላ ሁቨር ግድብን ለመያዝ የተፋጠጡ ኃይሎች መሃል ይገባል። ከምዕራብ የመጣው ኤንሲአር፣ ማለትም አዲሲቱ የካሊፎርኒያ ሪፐብሊክ፣ ምርጫ አለው፣ ፕሬዚዳንት አለው፣ ግብር አለው፣ ከአቅሙ በላይ የተለጠጠ ጦርም አለው። ከምሥራቅ የመጣው የቄሳር ሊጅን ሰውን ባሪያ የሚያደርግ፣ በመስቀል ላይ የሚሰቅል ሠራዊት ነው። መሃል ላይ ደግሞ ከጦርነቱ በፊት ተወልዶ በማሽን ዕድሜውን ያራዘመው፣ የኒው ቬጋስን ከተማ በሮቦቶቹ የሚገዛው ሚስተር ሃውስ አለ።

ይህን ጌም ከሌሎቹ የሚለየው ስማችሁን የሚይዝበት መንገድ ነው። ብዙ ጌሞች ላይ መልካም ስትሠሩ ነጥብ ይጨመርላችኋል፣ ስትበድሉ ይቀነሳል፣ በመጨረሻ ሁሉም ተጣፍቶ አንድ ቁጥር ይቀራል። እዚህ ግን እያንዳንዱ ጎራ የሠራችሁለትን በአንድ በኩል፣ የበደላችሁትን በሌላ በኩል ነው የሚይዘው፤ አንዱ ሌላውን አይሰርዘውም። አንድን ከተማ ከወንበዴ አድናችሁ በኋላ እዚያው ሰው ብትገድሉ፣ ያዳናችሁትም የገደላችሁትም ሳይረሳ ይቀመጣል፤ ሰዉም በምን ዓይን እንደሚያያችሁ ራሱ ግራ እንደተጋባ ይቀራል። ሰው በእውነተኛው ሕይወትም የሚያስታውሰው እንደዚህ ነው። ውለታ በደልን አያጠፋም፣ በደልም ውለታን አያጠፋም።

መጀመሪያ ላይ ምርጫው ቀላል ይመስላል። ጉድስፕሪንግስ ላይ ከሞት ያዳነቻችሁ ትንሽ ከተማ በአንድ በኩል፣ ከኤንሲአር እስር ቤት ያመለጡ ወንበዴዎች በሌላ በኩል ናቸው። ማን ያመነታል? ቀጥሎ ፕሪም ትደርሳላችሁ። ሸሪፏ ተገድሏል፣ ከተማዋ ጠባቂ ትፈልጋለች። ኤንሲአርን ብትጠሩ ወታደር ይመጣል፣ ሰላም ይሆናል፣ ከወታደሩ ጋር ግን ግብር ይመጣል። ነዋሪዎቹም ያጉረመርማሉ። ጌሙ ያን ጊዜ ነው ቀስ ብሎ የሚነግራችሁ፤ ከሊጅን ጋር ሲተያይ ጥሩ የሚባለው ወገን ከተራው ሰው በር ላይ ሲታይ ሌላ መልክ አለው።

ቬጋስ ገብታችሁ ከቤኒ ጋር ያለባችሁን ከጨረሳችሁ በኋላ የሚመጣው ክፍል በጣም የምወደው ነው። ኒፕተን በምትባል ከተማ የሰውን ሕይወት በዕጣ ያደለው፣ ከተማዋን ያነደደው የሊጅኑ ቩልፐስ ኢንኩልታ ድንገት ከፊታችሁ ቆሞ የቄሳርን ምልክት በእጃችሁ ያስጨብጣችኋል። ያለፈው በደላችሁ ተሰርዟል፣ ቄሳር ሊያያችሁ ይፈልጋል ይላል። እሱን ቀድማችሁ ገድላችሁት ከሆነ ሌላ ሰው ይላካል። ከኤንሲአር ኤምባሲም እንደዚሁ ጥሪ ይመጣል። ሁሉም በአንድ ጊዜ ይፈልጓችኋል፣ ሁሉም የኔ ሰው ነው ብለው ያስባሉ። ሁለት ባላ ትከል የሚባለው እዚህ ይሠራል፣ ግን ለጊዜው ብቻ።

የዚህ ጊዜ ጫፉ ከቄሳር ካምፕ ሥር ያለው ምሽግ ነው። በሩ ላይ መሣሪያችሁን አስረክባችሁ ትገባላችሁ። ቄሳር ቺፑን ይሰጣችሁና ታች ወርዳችሁ ያለውን ሁሉ አውድሙ ይላችኋል። ሚስተር ሃውስ ደግሞ በዚያው ቺፕ እዚያ የተደበቁትን የሮቦት ሠራዊት አሻሽሉልኝ ብሏል። ሮቦቶቹን ብታሻሽሏቸው መሬቱ ይንቀጠቀጣል፤ ላይ ያለው ቄሳር ያን ንቅናቄ የፍንዳታው ነው ብሎ ያምናል። ወጥታችሁ ፊቱ ትቆማላችሁ፣ እሱ ያመሰግናችኋል፣ ከእግሩ ሥር ደግሞ የጠላቱ ጦር ነቅቷል። በዚህ ጌም በሁለት ቢላዋ መብላት ከዚህ በላይ አይሄድም።

ከዚያ በኋላ ግን ሜዳው ይጠብባል። ለአንዱ ብዙ ከሠራችሁ ከሌላው ጋር እንደምትቆራረጡ የሚያስጠነቅቅ መልእክት ይመጣል፤ ካለፋችሁት መመለስ የለም። የጠላትን ልብስ ለብሶ መግባት ይቻላል፣ እሱም ቢሆን የሚነቃባችሁ ሰው አለ። ከሁሉም በላይ የሚከብደው አብሯችሁ የሚጓዘው ሰው ነው። ቡንን ውሰዱ። ኖቫክ ላይ የምታገኙት ዝምተኛ አነጣጣሪ ነው፤ የቀድሞ የኤንሲአር ወታደር። ሚስቱን ካርላን ለሊጅን ሸጠውበታል። እናንተ «ቄሳርን ትንሽ ላታልለው ነው» ብላችሁ ስታሰሉ፣ ለቡን እንዲህ ያለ ስሌት የለም። የሊጅን ወዳጅ ከሆናችሁ ትቷችሁ ይሄዳል። ይኸው ቡን ግን ኤንሲአር በቢተር ስፕሪንግስ ግሬት ካንስ የሚባለውን ጎሳ ሽማግሌና ሕጻናት ሲፈጅ እዚያው ቆሞ ሲተኩስ ነበር፤ ያን ተሸክሞ ነው የሚኖረው። ስለ ባንዲራ ከቡን ጋር ያወራ ሰው ኤንሲአርን እንደ መልአክ አያየውም፣ ሊጅንንም ይቅር አይልም።

ስለ ሃንሎን ደግሞ ማንም ብዙ ሲያወራ አልሰማም፣ እኔን ግን ከጌሙ ሁሉ የያዘኝ እሱ ነው። ሃንሎን የሬንጀሮቹ፣ ማለትም የኤንሲአር ምርጥ ተዋጊዎች፣ አለቃ ነው። በ2277 በመጀመሪያው የሁቨር ግድብ ጦርነት ሊጅንን ወደ ቦልደር ሲቲ ስቦ ከተማዋን ያፈነዳበት፣ ኤንሲአርን ያዳነ ጀግና ነው። የሬንጀር ጣቢያዎችን እየዞራችሁ የሬዲዮ ኮድ ስትቀይሩ የሚደርሱት ሪፖርቶች እርስ በርስ እንደማይገጥሙ ታያላችሁ። ክሩን ስትከተሉት መጨረሻው ካምፕ ጎልፍ፣ ሃንሎን ጋ ያደርሳችኋል። ሪፖርቱን ሆን ብሎ የሚያበላሸው እሱ ራሱ ነው። ጦሩ ሞሃቪን ተስፋ ቆርጦ ለቅቆ እንዲወጣ፣ ወታደሮቹ ለዚህ አሸዋ ሲሉ እንዳይሞቱ ይፈልጋል። እጅህን ስጥ ካላችሁት በድምፅ ማጉያ የመጨረሻ ቃሉን ተናግሮ ራሱን ያጠፋል። ዝም ካላችሁት ግንባር ላይ ያለው ወታደር በውሸት መረጃ እየተዋጋ ይቀጥላል። እዚህ ላይ ለኤንሲአር ታማኝ መሆን ማለት ምንድን ነው? ሕጉን መጠበቅ ነው ወይስ ወታደሩን? ሁለቱም ያው አንድ ዩኒፎርም ነው የለበሱት። አንድ ወገን መርጬ ጨረስኩ የሚል ተጫዋች እዚህ ሲደርስ እንደገና መምረጥ እንዳለበት ይገባዋል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ፣ ወደ ብራዘርሁድ ኦፍ ስቲል። እነዚህ ከጦርነቱ በፊት የነበረ ቴክኖሎጂ የሚሰበስቡ፣ በሂድን ቫሊ ከመሬት በታች ተደብቀው ያሉ ትዕቢተኛ ሰዎች ናቸው። በሩን የምታስከፍትላችሁ ቬሮኒካ ናት፤ ሳቂታ፣ ቅን፣ ወገኖቿ ቀስ በቀስ እየጠፉ እንደሆነ አይታ የምትጨነቅ ልጅ። መሪያቸው ማክናማራ የጠፉ የጥበቃ ጓዶቹን እንድትፈልጉ ይልካችኋል፣ የአየር ማጣሪያቸውን መለዋወጫ እንድታመጡ ይለምናችኋል። ስማቸውን ትለምዳላችሁ። ከዚያም ሚስተር ሃውስ ጨርሷቸው ይላል። ቄሳርም ጨርሷቸው ይላል። የኤንሲአሯ ኮሎኔል ሙርም ጨርሷቸው ትላለች። በምንም የማይስማሙ ሦስት ኃይሎች በዚህ አንድ ነገር ይስማማሉ።

እኔ ወገኔን የመረጥኩት እዚህ ጋ ነው። ሃውስን ብትለምኑት አይሰማም። ስሌቱን ጨርሷል፣ በስሌቱ ውስጥ ብራዘርሁድ የለም። ቄሳርን ስለ ምሕረት ማናገር ጊዜ ማባከን ነው። ኤንሲአር ውስጥ ግን ትእዛዙን ከመፈጸም ይልቅ ወደ ማክናማራ ተመልሳችሁ፣ ካመናችሁ፣ በሁለቱ መካከል እርቅ ማውረድ ትችላላችሁ። ሙር በፍጹም አትደሰትም። እርቁ ግን ይጸናል፤ በመጨረሻው ጦርነት ቀን ብራዘርሁድ ከኤንሲአር ጎን ይሰለፋል። ኤንሲአር ግብር ይወዳል፣ አለቆቹ ክብር ይወዳሉ፣ ቢተር ስፕሪንግስም በስሙ ተጽፎ ይኖራል። ሚስተር ሃውስን አስወግዱ ሲሏችሁም ማምለጫ የለም፣ ያንን አልሸሽገውም። ቢሆንም ከሦስቱ ባለ ባንዲራዎች ውስጥ ስለ ብራዘርሁድ «አይ፣ ይህን አላደርግም» ብትሉት ሌላ መንገድ የሚተውላችሁ እሱ ብቻ ነው። አንድ ወገን ለኔ የሚመዘነው በዚህ ነው፤ ከውስጥ ሆናችሁ ስትቃወሙት ምን እንደሚያደርግ።

«ታዲያ የስ ማንስ? እሱም ብራዘርሁድን አልነካም ብትሉት እሺ ይላል» የሚለኝ አይጠፋም። እውነት ነው፣ ይላል። ችግሩም እሱ ነው። የስ ማን ቤኒ ለራሱ እንዲመቸው ያስተካከለው ሮቦት ነው፣ ለማንም እምቢ ማለት አይችልም። ብራዘርሁድን ተዋቸው ስትሉት እሺ ይላል፣ ጨርሳቸው ስትሉትም በዚያው ፈገግታ እሺ ይላል። ከማንም አትጣሉም የሚለውም ልክ አይደለም። ሃውስን ማስወገድ አለባችሁ፣ ግድቡ ላይ ደግሞ አብረዋችሁ ሲዋጉ የነበሩትን ኤንሲአሮች ውጡ ትላላችሁ። ከዚያ በኋላስ? መጨረሻ ላይ በሚመጣው ትረካ፣ ነፃ በወጣችው ቬጋስ ሁከቱ በዝቶ ፎሎወርስ ኦፍ ዘ አፖካሊፕስ የሚባለው ቡድን ሐኪሞች ፍሪሳይድ በሚባለው ሰፈር ባለው የድሮ ምሽጋቸው በቁስለኛ ተጨናንቀው ነው የምናያቸው። ሁሉንም ወዳጅ አድርጎ የከረመ ሰው የመጨረሻ ቀን ላይ ከሮቦት በቀር የሚያማክረው የለውም። ይህን መንገድ መርጦ የሚጫወትን ሰው አልወቅስም፣ ጥሩ የተጻፈ መንገድ ነው። የገለልተኛ መንገድ ነው ሲባል ግን አልቀበለውም።

ስለ ቡመርስ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ኔሊስ በሚባለው የአየር ኃይል ጣቢያ ውስጥ ተዘግተው የቀረበውን ሁሉ በመድፍ የሚደበድቡት እነዚህ ሰዎች ለማንም ባንዲራ ግድ የላቸውም። ከሐይቁ ሥር ቢ-29 አውሮፕላን ካወጣችሁላቸው ግን እናንተ የቆማችሁበትን ወገን፣ የትኛውም ይሁን፣ ከሰማይ ያግዛሉ። እነሱ የሚታመኑት ለመልእክተኛው ነው። ስለዚህ የትም ብትወግኑ ቀድማችሁ እነሱ ጋ ሂዱ።

አሁን ለምትጀምሩት፣ እኔ የምመክረው ቅደም ተከተል ይህ ነው። ስትሪፕ፣ ማለትም የቬጋስ የካዚኖ ጎዳና፣ ከገባችሁ በኋላ የሁሉንም ጥሪ ተቀበሉ፣ ሁሉንም ስሟቸው፣ አትቸኩሉ። ቡንን ወደ ቄሳር ካምፕ ይዛችሁ አትሂዱ፤ ጦርነት ይነሳል። ከኮሎኔል ሙር ትእዛዝ ከመቀበላችሁ በፊት ሂድን ቫሊ ውረዱና የማክናማራን ሥራ ጨርሱለት፣ አለበለዚያ ስለ እርቅ ስታወሩ የሚያምናችሁ የለም። የንግግር ችሎታችሁንም እስከ 100 አድርሱት። ግድቡ ላይ መጨረሻ የሚጠብቃችሁ የሊጅን ጦር አዛዥ ሌጌት ላኒየስ ነው፤ ሊጅን ምዕራቡን ቢይዝ እንኳ ይዞ መቆየት እንደማይችል ካስረዳችሁት፣ ያ ሁሉ ሰው የሚፈራው ግዙፍ ሰው ሰይፉን ሳይመዝ ሠራዊቱን ይዞ ይመለሳል።