ዘጠነኛ ሳምንት፦ ቆጠራው ሲጠፋ

ባለፈው “እግሬ ገብቶታል፣ ጆሮዬ ነው ያስቸገረኝ” ብያችሁ ነበር። አሁንም እዚያው ነኝ፤ የምስትበትን ቦታ ግን አግኝቼዋለሁ።

ለአዲሶች፦ ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ ማታ ማታ የምማርበት የአዋቂዎች ዘመናዊ ዳንስ ክፍል፣ የሶፊ ማስሎውን “ፎክሴይ” የተባለ ዳንስ መነሻ አድርጎ የአምስት ደቂቃ ሥራ እያዘጋጀ ነው። ማስሎው በዘመናዊ ዳንስ ፈር ቀዳጇ በማርታ ግርሃም ቡድን ትደንስ የነበረች ናት። በ1942 እ.ኤ.አ. ኒውዮርክ ላይ የካርል ሳንድበርግን ግጥም ከአሜሪካ ባህላዊ ዘፈኖች ጋር አዋህዳ ሠራችው። ዘፋኞቹ ውዲ ጋትሪና ኧርል ሮቢንሰን ጊታራቸውን ይዘው እዚያው መድረክ ላይ ከዳንሰኞቹ ጋር ነበሩ።

ጉዱ የጋትሪ ነው። አንዱን ዘፈን ሁለቴ አንድ ዓይነት አድርጎ አይዘፍነውም፤ ደስ ሲለው ያስረዝማል፣ ሲያሻው ቆም ይላል። የዘለለ ዳንሰኛ ደግሞ አየር ላይ ሆኖ አይጠብቅ ነገር! ልምምዱ ተተረማመሰ። በኋላ ከዳንሰኞቹ አንዷ፣ ማርጆሪ ማዚያ፣ የምቱን ቆጠራ ካርድ ላይ እየጻፈች አስጠናችው። (ኋላ ተጋቡ።)

እኛ ጋ ያስቸገረው ዘፈኑ ሳይሆን፣ ስንደንስ አንዲት አንባቢ ጮክ ብላ የምታነበው ግጥም ነው። ማክሰኞ ስምንት ቆጥሬ ዘለልኩ፤ አንባቢዋ ስንኙን ገና አልጨረሰችም። ጸጥታው መሀል ተረከዜ ጧ! ሲል ሁሉም ዞሮ አየኝ።

ከዚያ ወዲህ መቁጠር ትቼ ትንፋሿን መከተል ጀመርኩ። ስንኝ ልትጀምር ስትል አየር ትስባለች፣ አንገቷ ሥር ትንሽ ከፍ ይላል፤ ምልክቴ እሱ ነው። ስንኙ ሲያልቅ እኔም ትንፋሼን አወጣና ሆዴን ወደ ውስጥ ስቤ ጀርባዬን አጎብጣለሁ፤ ግርሃም ኮንትራክሽን የምትለው ነው። ከአራት ሦስቱ ተሳክቶልኛል። ሠርግ ላይ አዝማሪው “ተቀበል” ሲባል ግጥሙ እስኪያልቅ ማን ቆጥሮ ያውቃል? እንዲያው ትከሻችን ይጠብቅ ነበር እኮ። እዚህ ግን ትከሻዬ ሳላዝዘው እስክስታ ስለሚጀምር አስተማሪዬ “ትከሻህን ተወው፣ ከሆድህ ጀምር” ትለኛለች፤ በየክፍለ ጊዜው ቢያንስ ሁለቴ።

አንባቢዋን በስልኬ ቀድቼ አውቶቡስ ላይ መስማቱም ረድቶኛል፣ ግን ብዙ አትደገፉበት፤ ቅጂው አይለወጥም፣ እሷ ግን በየምሽቱ ሌላ ናት።

ሐሙስ አንባቢ እንቀይራለን። አዲሷ ፈጣን ናት አሉ።